ስለ ፍች ክርክር መጓተትና በቀጠሮ መካከል ስለሚያድጉ ልጆች

ባልና ሚስት መስማማት ተስኗቸው ጉዳያቸው ወደ ፍርድ ቤት ሲሄድ፥ ዘመድና ጎረቤት የሚያዝነው ስለ መለያየታቸው ነው። ሐዘኑ ተገቢ ነው። ነገር ግን ብዙ ጊዜ ሳይታዘንለት የሚቀር ሌላ ጉዳት አለ፤ ይኸውም በቀጠሮ ላይ ቀጠሮ እየተጨመረ፥ ዓመት ዓመትን እየተካ የሚሄደው የክርክሩ መጓተት ነው። በዚህ ጊዜ ውስጥ ባልና ሚስቱ ባለትዳር አይባሉ፥ የተፋቱም አይባሉ፤ ቤቱ የማን እንደ ሆነ አይታወቅ፤ ልጆቹም በሚመጣው መስከረም የት ሆነው እንደሚማሩ የሚነግራቸው ሰው አያገኙም።

እኛ በመምህርነት ሥራችን ይህን ነገር ያወቅነው ከችሎት ሳይሆን ከክፍል ውስጥ ነው። አንድ የአራተኛ ክፍል ተማሪ የቤት ሥራውን ሳይሠራ ቢመጣ ምክንያቱን ጠየቅነው። «ደብተሬ አባዬ ቤት ቀርቷል፤ እስከ ቀጠሮው ድረስ ደግሞ ወደዚያ አልሄድም» ብሎ መለሰልን። የዐሥር ዓመት ልጅ «ቀጠሮ» የሚለውን ቃል እንደ ጎልማሳ ባለጉዳይ አድርጎ ሲናገር መስማት ለመምህር ጆሮ ከባድ ነው። ከዚያ ወዲህ እንደዚህ ያሉትን ልጆች በጥንቃቄ መመልከት ጀመርን። ወላጆቻቸው ከተለያዩት ይልቅ፥ ወላጆቻቸው ይለያዩ አይለያዩ ገና ያልታወቀላቸው ልጆች በትምህርታቸው ሲዳከሙ አይተናል። የተቈረጠ ነገርን ልጅ ቀስ በቀስ ይለምደዋል፤ ያልተቈረጠውን ግን በየሌሊቱ ሲያስበው ያድራል።

አስቀድመን አንድ ነገር መለየት ይገባናል። መዘግየት ሁሉ ክፉ አይደለም። ሕግ ዐውቆ፥ ለዕርቅ ብሎ የሰጠው ጊዜ አለ፤ ማንም ያልሰጠው፥ በቸልታና በተንኰል የሚጠፋ ጊዜም አለ። እነዚህ ሁለቱ በሰው አፍ አንድ ሆነው ስለሚነገሩ ክርክሩን የሚያጓትት ሰው «ለዕርቅ እየጠበቅሁ ነው» እያለ ራሱን ይሸፍናል፤ ለዕርቅ የሚደክመውም ሽማግሌ «ጉዳዩን አጓተተ» ተብሎ ይወቀሳል።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የፍችን ጉዳይ የሰጠው ለቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ነበረ። ሽማግሌዎቹ ማስታረቅ ብቻ ሳይሆን ፍችውን የመወሰንም ሥልጣን ነበራቸው። ሕጉ ከባድ ምክንያት ላለው ጉዳይ የአንድ ወር፥ ለሌላው ደግሞ የአንድ ዓመት ገደብ አበጅቶላቸው ነበር፤ ዳሩ ግን ገደቡን የሚያስከብር ሰው በማጣት ብዙ ጉዳይ በሽማግሌዎች እጅ ለዓመታት ይቈይ ነበር። አንዱ ሽማግሌ ሲገኝ ሌላው ይታጣል፤ ሁሉም ሲገኙ አንደኛው ወገን ይቀራል። ይልቁንም ሴቶች በዚህ አሠራር ይጐዱ እንደ ነበር የኢትዮጵያ ሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ሕጉ እንዲሻሻል ሲጥር በነበረበት ጊዜ አጥብቆ አመልክቷል። በመጨረሻም በ1992 ዓ.ም. የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፥ አዋጅ ቍጥር 213/1992 ወጣና ፍችን የመወሰን ሥልጣን የፍርድ ቤት ብቻ ሆነ። ክልሎችም በየበኩላቸው የቤተሰብ ሕግ አውጥተዋል፤ የአማራ ክልል ለምሳሌ በ1995 ዓ.ም. አውጥቷል። እኛ እዚህ የምንናገረው በአዲስ አበባና በድሬ ዳዋ ስለሚሠራበት ስለ ፌዴራሉ ሕግ ነው።

ይህ ሕግ ሽማግሌን ከነጭራሹ አላስወጣውም። በአንቀጽ 82 እንደ ተደነገገው፥ ዳኛው አስቀድሞ ባልና ሚስቱን ለየብቻ ወይም አንድ ላይ አድርጎ ያነጋግራቸዋል፤ ቀጥሎም እነርሱ ራሳቸው በመረጧቸው ሽማግሌዎች በኩል ጉዳያቸውን እንዲጨርሱ ይመራቸዋል፤ ዕርቁ ባይሳካ ከሦስት ወር የማይበልጥ የማሰቢያ ጊዜ ሊሰጣቸው ይችላል። ከዚያ በኋላ ግን፥ የሽማግሌዎቹ ሪፖርት ከደረሰው ወይም የማሰቢያው ጊዜ ካለቀ ጀምሮ በአንድ ወር ውስጥ ውሳኔ መስጠት አለበት። እንግዲህ አንባቢ ወሮቹን ይደምር። ሽማግሌዎቹ ሥራቸውን በወቅቱ ከፈጸሙ፥ ሕጉ ለፍችው ያሰበው ጊዜ ወራት እንጂ ዓመታት አይደለም። ባልና ሚስቱ ልጆቹንና ንብረቱን ጨምረው በስምምነት ለመፋታት ውላቸውን ይዘው የቀረቡ እንደ ሆነ ደግሞ መንገዱ ከዚህም ያጥራል።

ታዲያ ዓመታቱ ከየት ይመጣሉ?

መጀመሪያ ከመጥሪያው ይመጣሉ። ከሳሽ መጥሪያውን ይዞ ሲሄድ በሩ ይዘጋል፤ ዘበኛው «ጌታዬ ክፍለ ሀገር ናቸው» ይላል፤ እኅት ወይም የአጎት ልጅ ወጥታ «ከሄደ ወር ሆነው» ትላለች፥ ሰውየው ግን ከመጋረጃው በስተኋላ ቡናውን ይጠጣል። በዚህ መጥሪያው ሳይደርስ ቀጠሮው ይደርሳልና ሌላ ቀጠሮ ይሰጣል። ሕጉ ለዚህ መድኀኒት አለው፤ መጥሪያውን አልቀበልም ማለቱ በቃለ መሐላ ሊረጋገጥ፥ አድራሻው የጠፋውም በጋዜጣ ሊጠራ፥ ጥሪው ደርሶት ያልቀረበም እንደ ሆነ ጉዳዩ በሌለበት ሊታይ ይችላል። ነገር ግን ይህ ሁሉ ጊዜ ይፈልጋል። በር ላይ ቆሞ «የለም» ያለው ዘመድ ለወንድሙ የዋለ ይመስለዋል፤ የዋለው ግን በወንድሙ ልጆች ላይ ነው።

ከሽማግሌዎቹም ይመጣሉ። «ሑዳዴ ይውጣ» ይባላል፤ ሑዳዴ ሲወጣ «ፋሲካን እንዋልበት»፤ ፋሲካው ሲያልፍ ሰርግ ይበዛል፤ ሰርጉ ሳያልቅ ክረምት ይገባል። (ጾም የዕርቅ ወራት መሆኑን ከእኛ ይልቅ እነዚሁ ሽማግሌዎች ያውቃሉ፤ ሰው ከባልንጀራው ጋር ሳይታረቅ እንዳይጾም የሚመክሩ ራሳቸው፥ ዕርቁን ከጾሙ በኋላ መቅጠራቸው ይገርመናል።) ሽማግሌ ሆኖ የተመረጠ ሰው የተሰጠው ክብር ብቻ ሳይሆን የቀን ገደብ ያለው ሥራም ነው። ቢታረቁ ታረቁ፥ ባይታረቁ አልታረቁም ብሎ በወቅቱ ለፍርድ ቤቱ ሊጽፍ ይገባዋል። «አልታረቁም» ብሎ መጻፍን እንደ ሽንፈት ቆጥሮ ወረቀቱን በኪሱ ይዞ የሚዞር ሽማግሌ አስታራቂ አይባልም። አንደኛዋ ወገን የተደበደበች ወይም የምትፈራ የሆነች እንደ ሆነም፥ «ታገሺ፥ ጊዜ ያበርደዋል» ብሎ ወደዚያው ቤት መመለስ ሽምግልና ሳይሆን አደጋ ነው፤ ይህን በግልጽ መናገር አለብን።

ከፍርድ ቤቱም በኩል የሚጠፋው ጊዜ ቀላል አይደለም። የመዝገቡ ብዛት ከዳኞቹ ቍጥር ጋር አይመጣጠንም። ዳኛ ሲለወጥ አዲሱ ዳኛ መዝገቡን ከመጀመሪያው ማንበብ አለበትና «መዝገቡ ስላልተመረመረ» ተብሎ ይቀጠራል። ክረምት ሲሆንም ችሎቱ ለዕረፍት ይዘጋል፤ አስቸኳይ ጉዳይ የሚያዩ ተረኛ ዳኞች ቢኖሩም የንብረት ክርክር አስቸኳይ ተብሎ አይቆጠርም።

ነገር ግን ከሁሉ የሚበልጠው ጊዜ የሚያልቀው ፍችው ከተወሰነ በኋላ፥ በንብረት ክፍፍል ላይ ነው። ይህን ብዙ ሰው አያስተውለውም። «የፍች ክሴ አምስት ዓመት ፈጀ» የሚሉት ሰዎች ቀርበው ቢጠየቁ፥ ፍችው ራሱ በመጀመሪያው ዓመት ተወስኖ፥ አራቱ ዓመት ያለቀው በቤት፥ በመኪና፥ በባንክ ደብተርና በዕቃ ላይ ሆኖ ይገኛል።

የሕጉ መሠረት ግልጽ ነው። በትዳር ጊዜ የተፈራው ንብረት፥ በአንዳቸው ስም ብቻ ቢመዘገብ እንኳ፥ የግል መሆኑን የሚያስረዳ ካልተገኘ በቀር የጋራ ነው ተብሎ ይገመታል፤ የጋራ የሆነውም እኩል ይካፈላል። በቀድሞው ሕግ ለፍችው ምክንያት የሆነው ሰው በንብረቱ ድርሻ ሊቀጣ ይችል ስለ ነበረ ጥፋት መቍጠር ትርፍ ነበረው፤ ዛሬ ግን ክፍፍሉ በመሠረቱ እኩል ነው። እኩል ከሆነ ክርክሩ ስለ ምን ይረዝማል ብሎ የሚጠይቅ ይኖራል።

የሚረዝመው በአፈጻጸሙ ነው። ቤቱ የተሠራው ባል ከጋብቻ በፊት በወረሰው ቦታ ላይ ነው፥ የተሠራበት ገንዘብ ግን የሁለቱ ነው፤ ኮንዶሚኒየሙ በሚስት ስም ዕጣ ወጣለት፥ የባንክ ዕዳው ግን ገና ተከፍሎ አላለቀም። ፍርድ ቤቱ ለመሬት አስተዳደሩ፥ ለባንኩ፥ ለመንገድ ትራንስፖርት መሥሪያ ቤቱ ማስረጃ እንዲልኩ ይጽፋል፤ አንዱ ሲመልስ አንዱ ይቀራል፥ ለቀረው እንደ ገና ይጻፋል። ከዚያ የቤቱን ዋጋ የሚገምት ባለሙያ ይታዘዛል። ግምቱ ሲመጣ ቤቱን ማስቀረት የሚፈልገው «በዛ» ይላል፥ ድርሻውን በገንዘብ የሚወስደው «አነሰ» ይላል፤ ሁለተኛ ግምት ይታዘዛል፤ እስከዚያ የገበያው ዋጋ ተለውጦ የመጀመሪያው ግምት ያረጃል። በዚህ መካከል የባል እናት ወይም የሚስት ወንድም «ቤቱ የእኔ ነው» ብሎ ጣልቃ ይገባል። አንዳንዱ እውነተኛ ባለ መብት ነው፤ አንዳንዱ ግን ለማጓተት የተላከ ነው። ፍርዱም ሲሰጥ ይግባኝ አለ፥ ለዚህም ስልሳ ቀን ተፈቅዷል፤ ይግባኙ እስኪታይ አፈጻጸሙ ሊታገድ ይችላል። በመጨረሻ ቤቱ መካፈል የማይቻል ከሆነና ከሁለቱ አንዱ ሌላውን ገዝቶ ማስወጣት ካልቻለ ወደ ሐራጅ ይሄዳል፤ ሐራጁም ተጫራች ባጣ ቍጥር ይደጋገማል።

አሁን ወደ ነገሩ ሥር እንድረስ። መጓተት የሚጠቅመው ሰው አለ፤ እርሱም በቤቱ ውስጥ የቀረው ነው። ኪራይ ሳይከፍል ይኖራል፤ የሚከራይ ክፍል ካለ ኪራዩን ለብቻው ይቀበላል፤ መኪናውን ይነዳል። ለእርሱ እያንዳንዱ ቀጠሮ ትርፍ ነው። ወጥታ የሄደችው (ወይም የሄደው፥ የዚህ ግልባጭም አለና) በየቀጠሮው ትከስራለች። የአንድ ተማሪያችን እናት እንደ ነገረችን፥ ፍችዋ በሰባተኛው ወር ተወሰነ፤ ቤቱ ተሸጦ ድርሻዋ እጇ እስኪገባ ግን ሌላ ሦስት ዓመት ከስድስት ወር ሆነ። በዚያ ሁሉ ጊዜ በወር 4,500 ብር እየከፈለች ሁለት ልጆቿን ይዛ በኪራይ ኖረች፤ ይህ ሲደመር 189,000 ብር ነው። ባልየው በአራት ክፍል ቤት ውስጥ ብቻውን ይኖር ነበር። ስለ ኪራዩ ፍርድ ቤቱን ጠይቃ እንደ ነበረ ብንጠይቃት «እንዲህ ያለ ነገር መጠየቅ እንደሚቻል ማን ነግሮኝ?» አለችን።

ሊነገራት ይገባ የነበረው ይህ ነው። ያው አንቀጽ 82፥ የፍች አቤቱታ እንደ ቀረበ ዳኛው ወዲያውኑ ስለ ባልና ሚስቱ መተዳደሪያ፥ ስለ ልጆቹ አጠባበቅና ቀለብ፥ ስለ ንብረቱም አስተዳደር ተገቢውን ትእዛዝ እንዲሰጥ ያዛል። ወዲያውኑ ማለት ክርክሩ ሲያልቅ አይደለም። እንግዲህ ልጆቹ ከማን ጋር እንደሚቀመጡ፥ ሌላው ወላጅ በየትኛው ቀን እንደሚያያቸው፥ የወር ቀለባቸው ስንት እንደ ሆነ፥ የጋራውን ቤት ኪራይ ማን ሰብስቦ የት እንደሚያስቀምጠው፥ ንብረቱም እንዳይሸጥ እንዳይለወጥ እግድ እንዲሰጥ ገና ከመጀመሪያው መጠየቅ ይቻላል። ቀለቡ ከደመወዝ እየተቈረጠ እንዲከፈል ለአሠሪው መሥሪያ ቤት ማዘዝም አለ። በእኛ አስተያየት ለክርክር መጓተት ከዚህ የሚሻል መድኀኒት የለም፤ ምክንያቱም ጊዜያዊው ትእዛዝ ከተሰጠ የሚያጓትተው ሰው ከመጓተቱ የሚያገኘው ትርፍ ይቀርበታል፤ ትርፉ ሲቀርበት ደግሞ ለመጨረስ ይቸኵላል። ብዙ ሰው ግን በአቤቱታው ላይ ሦስት ገጽ የበደል ታሪክ ጽፎ ስለ ልጆቹ ቀለብ አንድ መስመር ሳይጽፍ ይቀርባል። የበደሉን ታሪክ ለንስሐ አባት መንገር ይቻላል፤ ለዳኛው የሚነገረው የሚጠየቀው ነገር ነው።

ማስረጃም አስቀድሞ ይሰብሰብ። የጋብቻው ምስክር ወረቀት፥ የልጆቹ የልደት ምስክር ወረቀት፥ የቤቱ ካርታ ግልባጭ፥ የመኪናው ሊብሬ ግልባጭ፥ የባንኩ ስምና ቅርንጫፍ፥ የዕዳው ውል፥ ከጋብቻ በፊት የነበረውና በውርስ ወይም በስጦታ የመጣው ንብረት ዝርዝር ከነማስረጃው ተዘጋጅቶ አብሮ ቢቀርብ፥ በደብዳቤ መመላለስ የሚጠፋው ወራት ይድናል። የዕቃውን ዝርዝር በተመለከተ አንድ ነገር እንጨምር። የሚጣድበት ድስትና የሚነጠፍበት ምንጣፍ ሳይቀር ተዘርዝሮ በምስክር ሲከራከሩበት የኖሩ ባልና ሚስት አይተናል፤ ለጠበቃ የከፈሉት ገንዘብ ድስቱን ዐሥር ጊዜ ይገዛ ነበር። የሚስማሙበትን ተስማምተው፥ የማይስማሙበትን ብቻ ለዳኛው ቢተዉ መዝገቡ ይቀላል። በ2013 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ ቍጥር 1234 ፍርድ ቤት መር አስማሚነት የሚባለውን አሠራር ስለ ደነገገ፥ ንብረቱን በሚመለከት ወደዚያ እንዲመሩ መጠየቅም ይችላሉ።

በቤተ ክርስቲያን ሥርዐት፥ በቁርባን የተጋቡ ምእመናን ደጋግመው የሚጠይቁን ነገር አለና እርሱን ሳናነሣ አናልፍም። የፍርድ ቤቱ ውሳኔ ጋብቻው በየትኛውም ሥርዐት ቢፈጸም አንድ ነው፤ በቁርባን መጋባት ክርክሩን አያረዝመውም፥ አያሳጥረውምም። የቁርባኑ ነገር ግን የቤተ ክርስቲያን ጉዳይ ስለ ሆነ በንስሐ አባትና በሀገረ ስብከት በኩል በራሱ መንገድ ይታያል። እነዚህን ሁለቱን ማደባለቅ አይገባም። አንዳንድ ሰው «በቁርባን ስለ ተጋባን ለፍች አልቀርብም» እያለ ከችሎት ይቀራል፤ ነገር ግን ያው ሰው ለልጆቹ ቀለብ ካልሰጠ፥ ቤት ውስጥም ሌላ ሴት ካስገባ፥ ቁርባኑን ያከበረ ሊመስለን አይችልም። የንስሐ አባቶችም ከዕርቁ ሙከራ ባሻገር፥ ዕርቅ ባይሆን ልጆቹ የሚያዙበትን ነገር ቢመክሩ፥ መጥሪያ አልቀበልም ያለውንም ልጃቸውን ቢገሥጹ ብዙ ሸክም ይቀላል።

ፍርድ ሳይሰጥ ተለያይቶ የመኖር ነገርም መዘዝ አለው። በክርክሩ ተሰላችተው መዝገቡን ትተው በየፊናቸው የሚሄዱ አሉ። አንዱ ከዓመታት በኋላ ሌላ ትዳር ይመሠርታል፥ ልጅ ይወልዳል፥ ቤት ይሠራል፤ ሲሞት ሁለት ሚስቶች በአንድ ርስት ላይ ይቆማሉ። ለብዙ ዓመታት መለያየት ጋብቻን ያፈርሳል ወይስ አያፈርስም የሚለው ጥያቄ እስከ ሰበር ሰሚ ችሎት ድረስ ደርሶ ብርቱ ክርክር ያስነሣ ነው። እንዲህ ያለውን ክርክር የሚወርሱት ልጆቹ ናቸው።

ገንዘብ የለኝም ብሎ የሚተውም አለ። የዳኝነት መክፈል የማይችል ሰው ድኽነቱን በማስረዳት በደኻ ደንብ እንዲከስ መጠየቅ ይችላል፤ የሕግ ትምህርት የሚሰጡ ዩኒቨርሲቲዎችና ቀደም ብለን ያነሣነው የሴቶች የሕግ ባለሙያዎች ማኅበርም ነጻ የሕግ ምክር ይሰጣሉ። ከባልና ሚስቱ አንዱ በአሜሪካ ወይም በዐረብ አገር የሚገኝ እንደ ሆነም ነገሩ ይበልጥ ይዘገያልና ጥንቃቄ ይሻል፤ ውክልናው በዚያ ባለው የኢትዮጵያ ኤምባሲ ወይም ቈንስላ በኩል ተሰጥቶ እዚህ በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር መረጋገጥ ስላለበት፥ መጥሪያ እስኪመጣ ሳይጠበቅ አስቀድሞ ይላክ። በውክልናው ላይም ተወካዩ ስለ ፍችው ብቻ ሳይሆን ስለ ንብረቱም፥ ስለ ልጆቹም ለመከራከርና ለመስማማት ሥልጣን እንዳለው በግልጽ ይጻፍ፤ ይህ ቃል ሳይጻፍ ቀርቶ ወረቀቱ ባሕር ተሻግሮ እንዲመለስና እንደ ገና እንዲላክ የተደረገበት ጊዜ አለና።